የሆሴሊቶ መበለት

ክሊዴ ሲያለቅስ የሰፈራችን የባሪዮ አባሆ ሰው በሳቅ ሆዱን ይይዝ ነበር። ይህን አስቀድሜ ልናገር፤ ዛሬ ዛሬ ስለ እሱ የማያውቀው ሁሉ አፉን ሞልቶ ያወራል። አንዱ የሀብታም ልጅ ነበር ይላል፣ ሌላው ከመርከበኛ ጋር ኮብልሎ ካራካስ ቀረ ይላል። ውሸታም ሁሉ! ልብሱን የሰፋሁለት፣ ከግቢዬ ጀርባ ያለችውን ክፍል ያከራየሁት፣ ሲያመው ሾርባ ያጠጣሁት እኔ ፌሊሲያ አለሁ አይደል እንዴ? እኔን ጠይቁኝ እንጂ።

ሙሉ ስሙ ኤውክሊዴስ ነው። አባቱ በወንዙ ወደብ ጭነት እያወረደ የሚኖር ሰው ነበር፤ ይህን የመሰለ የጥንት ሊቅ ስም ከየት እንዳመጣው ማንም አያውቅም። የመድረክ ስሟ ደግሞ ኮራሊና ነው። ሱሪ ሲታጠቅ አንተ እለዋለሁ፣ ቀሚስ ስታጠልቅ አንቺ እላታለሁ። እናንተም ግራ አትጋቡ፤ እኔ አንድም ቀን ግራ ገብቶኝ አያውቅም።

በልጅነቱ የቤተ ክርስቲያን መዘምር ነበር። ቄሱ እንዲህ ያለ ድምፅ ሰምቼ አላውቅም እያሉ በእጃቸው ያበሉት ነበር። ቤት ሲገባ ግን ሳህን እያጠበ በሬዲዮ የሚሰማቸውን ሴት ዘፋኞች ያስመስላል፤ አባትየው ከወንበሩ ሳይነሣ ጫማውን አውልቆ ይወረውርበታል። በካርኒቫል ሰሞን፣ ከጾሙ በፊት ከተማው ሁሉ ለቀናት በሚጨፍርበት ጊዜ፣ ጎረምሳ ሳለ፣ የእናቱን ቀሚስ ለብሶ መንገድ ወጣ። ማንም ምንም አላለው። በካርኒቫል እኮ ጢማሙ ሥጋ ሻጭ እንኳ ጡት አበጅቶ ነው የሚጨፍረው። አባቱ ራሱ አይቶት ስቋል፣ «እናትህን ቁርጥ!» ብሎ ቢራ ገዝቶለታል።

ጣጣው የመጣው ጾሙ በሚገባበት ረቡዕ ነው። ረቡዕ ጠዋት ሰው ሁሉ ፊቱን ታጥቦ፣ ግንባሩን አመድ ተቀብቶ፣ ወንድነቱን መልሶ ታጠቀ። ክሊዴ ግን ኩሉን አላጠበም። «ካርኒቫሉ አልቋል፣ ታጠብ» አለው አባቱ። «እኔ አላለቀብኝም» አለ ልጁ። በዚያው ከቤት ወጣ። እናቱ ባሏ ሥራ ሲሄድ ጠብቃ፣ የተጠበሰ ዓሣና በኮኮናት የተሠራ ሩዝ በጨርቅ ጠቅልላ ትወስድለት ነበር፤ ከዚያ በላይ አቅም አልነበራትም፣ ነፍሷን ይማር።

ቀን ቀን ፀጉር ቤት ይሠራል። ቅዳሜ ማታ ደግሞ ከከተማው ዳር የለውዙ ዛፍ በሚባል መጠጥ ቤት ይዘፍናል። ሌሎቹ ቀሚስ ለባሾች ሸክላ አስከፍተው አፋቸውን ብቻ ነበር የሚያንቀሳቅሱት። ኮራሊና ይህን አትወድም። «ከንፈር ማንቀሳቀስማ ዓሣም ያንቀሳቅሳል» ትል ነበር። በራሷ ድምፅ ነበር የምትዘፍነው፤ ዝግ ያለ፣ ወፈር ያለ፣ ሆድ የሚያባባ ድምፅ። አቤት! ሚስቱን ደብድቦ የመጣ ሰካራም ሁሉ ጠረጴዛ ላይ ተደፍቶ ይንሰቀሰቅ ነበር። በወንዙ ዳር ያሉት ከተሞች ለንግሥ በዓላቸው ይጠሯት ጀመር። እኔም አንዳንዴ ልብስ ይዤ አብሬ እሄድ ነበር። ማታ አበባ የወረወረላት ሰው፣ ጠዋት ጀልባ ስንጠብቅ በሱሪ ሲያየው ምራቁን ይተፋበታል። ለእሷ እያጨበጨቡ እሱን ይወግሩታል፣ እንዲህ ያለ ጉድ የት አለ?

አንዴ ፖሊሶች ከመጠጥ ቤቱ አውጥተው ወሰዱትና ጭንቅላቱን ላጭተው ለቀቁት። ግቢዬ ሲገባ ሳየው ጮህኩ። እሱ ግን መስታወት ፊት ተቀመጠና «እትዬ ፌሊ፣ የጭንቅላቴ ቅርፅ ያምራል ለካ» አለኝ። ቀልዱን እንኳ አልጨረሰውም፣ እንባው ቀደመው። ዊግ ሰፋሁለት፣ ቅዳሜ ደግሞ ዘፈነች።

ሞት ይርሳኝ፣ ዳጎቤርቶን ሳላስተዋውቃችሁ! የአውቶቡስ ሹፌር ነው። ግዙፍ፣ ዝምተኛ፣ እጁ እንደ አካፋ የሰፋ ሰው። በየቅዳሜው መጥቶ ጥግ ይቀመጣል፣ አንዲት ቢራ ያዛል፣ እሷን ሲያይ ቢራው ይሞቅበታል። ከዚያ ወደ እኔ ቤት መመላለስ ጀመረ።

«እትዬ፣ የሸሚዜ ቁልፍ ተበጠሰ።»

«ባለፈው ሳምንት ሁሉንም አጥብቄልህ አልነበረ? በጥርስህ ነው እንዴ የምትፈታው?»

አንገቱን ደፋ። ዓይኑ ግን ክሊዴ ወደ ተቀመጠበት ወደ ጓሮው ነበር።

«ቁልፍህን ተወውና ጓሮ ግባ» አልኩት። «ክር ጨረስክብኝ።»

እንዲህ ሆኖ ነው ክፍሏ የሁለት ሰው የሆነችው። ለሰፈሩ የአክስት ልጆች ናቸው ተባለ። ሰው ያምን አያምን እንጃ፣ ባሪዮ አባሆ የሚያውቀውን እንደማያውቅ መሆን ይችልበታል። ዳጎ እህት ነበረችው፣ ኔልሲ የምትባል፣ ጎረቤት ከተማ ሶሌዳድ የምትኖር፣ ከጸሎት ቤት የማትወጣ ሴት። ቀሚስ የሚለብስ ወንድ ስታይ ዓይኗን በእጇ የምትከልል። አንድም ቀን ደጃችንን ረግጣ አታውቅም፤ ስለ ወንድሟ ሲጠይቋት «ክፍል ተከራይቶ ይኖራል» ነበር መልሷ። ዳጎም ፈሪ ነበር፣ ልዋሽ አልችልም። ቤት ውስጥ ለክሊዴ ዓሣውን አጥንቱን ለቅሞ የሚያጎርስ ሰው፣ መንገድ ላይ ሲገናኙ ተሻግሮ በዚያኛው ጥግ ነበር የሚሄደው። ስንት ጊዜ ተቆጥቼዋለሁ! «ሥራዬን ያሳጡኛል እትዬ» ይለኛል። ክሊዴን ግን ሆድ ሲብሰው አየዋለሁ።

በዓመት አንድ ቀን ብቻ ነበር ነገሩ የሚለወጠው፣ የካርኒቫል ማክሰኞ። በዚያ ቀን ሆሴሊቶ ይሞታል። ሆሴሊቶ ማለት ካርኒቫሉ ራሱ ነው፤ ሲጠጣና ሲጨፍር ሰንብቶ በመጨረሻው ቀን ድፍት ይላል። እያንዳንዱ ሰፈር አንድ ወንድ ሬሳ ሣጥን ውስጥ ያስተኛል፣ ሌሎቹ ወንዶች ጥቁር ቀሚስ ለብሰው መበለቶቹ ይሆናሉ፣ ደረታቸውን እየደቁ፣ እየወደቁ እየተነሡ፣ በከተማው ሲዞሩ ይውላሉ። የኛ ሰፈር ዋና መበለት ኮራሊና ነበረች። ሟቹ ድሮ አንድ ሰካራም አናጢ ነበር፣ ሣጥን ውስጥ ማስመለስ ሲያበዛ ተባረረ። ያን ጊዜ ኮራሊና «ዳጎ ይተኛ፣ ዝም ማለት እንደሱ የሚችል የለም» አለች። ሰው ሳቀ፣ ዳጎም ተኛ። ከዚያ ወዲያ በየዓመቱ ሟቹ እሱ ሆነ።

ሙሾዋን ብትሰሙት! ከሌላ ሰፈር ሁሉ ይመጡ ነበር።

«ትናንት ሩም ስትጨልጥ እኔን መች ጠራኸኝ፣
ዛሬ ሬሳ ሆነህ ተሸከሚኝ አልከኝ!»

ሕዝቡ በሳቅ ይንከተከታል። እሷ ሣጥኑ ላይ ትወድቃለች፣ ግንባሩን ትስመዋለች፣ ፊቱን ትዳብሳለች፣ እጁን ይዛ አለቅም ትላለች። ከዓመት እስከ ዓመት በጠራራ ፀሐይ፣ በሰው መሀል፣ እጁን የምትይዘው በዚያ ቀን ብቻ ነበር። አንድ ጊዜ ቀረብ ብዬ ሳይ ሬሳው መልሶ እጇን ጨብጦ ይዟል። አንጀቴን በሉት። ዞር ብዬ ዓይኔን ጠረግሁ።

እንዲህ እንዲህ እያሉ ዓመታት ሄዱ፣ ሁለቱም ሸበቱ። ከዚያ ያ የተረገመ ካርኒቫል መጣ።

ሰኞ እኩለ ቀን ላይ ዳጎ አውቶቡሱን ጥግ አስያዘ፣ ሞተሩን አጠፋ፣ መሪው ላይ ግንባሩን አሳረፈ። ተሳፋሪዎቹ ያንቀላፋ መስሏቸው ነበር። ልቡ ነው አሉ። መታወቂያው ላይ ያለው አድራሻ የእህቱ ስለሆነ ሬሳውን ሶሌዳድ ወሰዱት። አንድ የሥራ ባልደረባው ነው መጥቶ ሹክ ያለን። ክሊዴ መርፌ ላይ ክር እያስገባልኝ ነበር። መርፌውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ፣ ተነሣ፣ ሱሪና ክራቫት ለበሰ። ተከተልኩት።

ኔልሲ በሩን ገርበብ አድርጋ ቆመች።

«ማንን ፈልገህ ነው?»

«ታውቂኛለሽ፣ ኔልሲ።»

«እኔ የማውቀው ወንድሜ ክፍል ተከራይቶ መኖሩን ነው። ዕቃው ካለ ሰው እልክና ይወሰዳል።»

«ፊቱን ብቻ ልየው። ምንም አልናገርም።»

«በሕይወት እያለ ያየኸው ይበቃሃል!» አለች። «ነገ ከሰዓት በፊት እንቀብረዋለን። እዚያ ደርሰህ ቤተሰቤን እንዳታሰድብ። ከእግዜርም ከሰውም አጣልታችሁኛል!»

በሩ ተዘጋ። እኔ በሩን በእርግጫ ልለው ስል ክሊዴ ክንዴን ያዘኝ። ሐዘንተኛ ቤት ነው አለኝ። ይህን ያለኝ እሱ ነው፣ ከሁሉ በላይ ሐዘንተኛው!

ቤት ገብተን ለማን ይነገር? በካርኒቫል ሰኞ፣ ከበሮው እየተደለቀ፣ ሰው ሁሉ እርስ በርሱ የሚረጫጨውን ዱቄት ለብሶ እየጨፈረ፣ ዳጎ ሞተ ብትሉ ማን ይሰማችኋል? ሁለታችን ብቻ ተቀመጥን።

«ነገ ሱሪህን ልበስና ከእኔ ጋር ከኋላ እንቆማለን» አልኩት። «ከሕዝቡ መሀል ማን ያይሃል?»

«በሱሪ ሄጄ ማን ልባል ነው እትዬ? ተከራይ? የአክስት ልጅ?» አለ። «ይህን ሁሉ ዓመት ሰው ፊት ያለቀስኩለት ሆሴሊቶ እያልኩ ነው። አንድ ቀን፣ አንድ ቀን ብቻ በስሙ ጠርቼ ላልቅስለት። ሌላ ምንም አልፈልግም። ከዚያ ቢገድሉኝም ይግደሉኝ።»

ያለው ጥቁር ልብስ አንድ ብቻ ነበር፤ ለዚያ ዓመት የሆሴሊቶ ለቅሶ የሰፋሁለት ቀሚስ። ማክሰኞ ጠዋት እሱን ለበሰ፣ ዊጉን አደረገ፣ ዓይነ ርግቡን ጣለ። ኩል አልተኳለም፣ ፓውደርም አልነካም። «እንሂድ» አለችኝ። ልቤ ፈርቶ እግሬ ተከተላት።

መቃብሩ ከኛ ሰፈር በላይ ስለሆነ አስከሬኑ በመንገዳችን ማለፉ ግድ ነው። ጥጉ ላይ ቆመን ጠበቅን። ሐሳባችን ካለፉ በኋላ ከኋላ ልንከተል ነበር። ግን በካርኒቫል ማክሰኞ የሬሳ መኪና በባሪዮ አባሆ ጨፋሪ መሀል ሳይገተር ያልፋል ብሎ ማን ያስባል? የኛን ጭፈራ የማያውቅ የሶሌዳድ ሰው ብቻ! ጨፋሪው መንገዱን ሞልቶት መኪናው ተገትሮ ቀረ። ጡሩምባ ቢነፋ ሰው በጡሩምባው ጨፈረ። የዳጎ ጓደኞች፣ ሹፌሮቹ፣ ሌላ መላ ሲያጡ ሣጥኑን አውርደው ተሸከሙት።

እናንተው ፍረዱ። ቀኑ ማክሰኞ ነው። ሣጥን በትከሻ መጣ። ተሸካሚዎቹ የዳጎ ጓደኞች ናቸው። ጥጉ ላይ ኮራሊና ጥቁር ለብሳ ቆማለች። ሰፈርተኛው ምን ይበል?

«ሆሴሊቶ መጣ!» ብሎ አንዱ ጮኸ። መንገዱ በአንድ ጊዜ አበደ። ከበሮው ደመቀ፣ የበቆሎ ዱቄት ሣጥኑ ላይ ዘነበ፣ ቢራ ደፉበት።

«ዳጎ! ዘንድሮ ክዳኑን ዘጉብህ እንዴ? ትታፈናለህ ወንድሜ!»

«ክፈቱለት እንጂ፣ ጉሮሮው ደርቋል!»

ኮራሊናን ካለችበት ገፍተው ሣጥኑ ጋ አደረሷት። «ሙሾውን አውርጂው!» ይሏታል። እሷ ሁለት እጇን ዘርግታ ሣጥኑን ከለለች። «ተዉ! በእመቤታችን ተዉ! ሞቷል፣ የምር ሞቷል!» ብላ ጮኸች። ሰው በሳቅ ፈነዳ። እየጮኸች በሄደች ቁጥር ይብሱን ሳቁ። እኔ አንዱን በቡጢ፣ አንዱን በክርኔ እላለሁ፤ «ፌሊም ዘንድሮ ቲያትረኛ ሆናለች!» ብለው ሳቁብኝ። ኮራሊና ዊጓን መንጭቃ ጣለች፣ ሽበቷ ወጣ፣ «እዩኝ፣ እኔ ነኝ፣ ክሊዴ ነኝ፣ እየቀለድኩ አይደለም!» አለች። አጨበጨቡላት። እንዲህ አሳምራ አልቅሳ አታውቅም ተባለ።

ያን ጊዜ ኔልሲ ከኋላ እየተጋፋች ደረሰች። ሙሉ ጥቁር ለብሳለች፣ ትልቅ ሴት ናት፣ ትከሻዋ እንደ ወንድሟ ሰፊ ነው። «ወንድሜ ነው! አረመኔዎች፣ ወንድሜ ነው!» አለች።

«ይሄኛው መበለት ደግሞ የየት ሰፈር ነው?» አለ አንዱ።

«ጢሙን እንዴት አሳምሮ ተላጭቷል ባካችሁ!»

«ጡቱን በምን ነው የጠቀጠቀው? ከኮራሊና ይበልጣል እኮ!»

ሴትዮዋ ክው አለች። ዕድሜዋን ሙሉ ቀሚስ የለበሰ ወንድ ስታይ ዓይኗን የምትከልለው ኔልሲ! አንድ ሰካራም ከኋላዋ መጥቶ ዊጉን ላውልቅልህ ብሎ ፀጉሯን ጨምድዶ ሳበ። አልወጣም። ደግሞ ሳበ። ኔልሲ ጮኸች፤ የሕመም ነው ጩኸቱ፣ የሴት ጩኸት። ሰካራሙ እጁን እንደተቃጠለ ሰው ሰበሰበ። ኮራሊና ዘላ መሀል ገባችና ሴትዮዋን በክንዷ አቀፈቻት፣ በጀርባዋ ሕዝቡን ከለለችላት። በዙሪያው ያለው ሰው ወደ ኋላ አፈገፈገ፣ ከወዲያ ያለው ግን ገና ይስቃል።

ኔልሲ ተንፍሳ እስክትጨርስ በዚያ እቅፍ ውስጥ ቆየች። ከዚያ ፊቷን አወጣች፣ ፀጉሯ ተበታትኖ፣ ዱቄት ለብሳ።

«ሳቃችሁን አቁሙ!» አለች። «እኔ እህቱ ነኝ። እሷ...» ቀና ብላ ኮራሊናን አየቻት፣ በዓይኔ አይቻለሁ። «እሷ ሚስቱ ናት። ባሏ ነው የሞተባት።»

ከበሮው ቆመ። አንዱ ባርኔጣውን አወለቀ። ያ ጢማሙ ሥጋ ሻጭ፣ ጡቱን እንዳንጠለጠለ፣ ሸሚዙን አውልቆ ከሣጥኑ ላይ ዱቄቱን መጥረግ ጀመረ፣ ሌሎቹም እየመጡ በእጃቸው ጠረጉ። ኔልሲ እስከ ዛሬ ያን ቃል አልተናገርኩም ትላለች። በጸሎት ቤቷ ምላ ተገዝታለች አሉ። ትማል! የባሪዮ አባሆ ሰው ሁሉ ሰምቷል።

ከዚያ መንገዱ ተከፈተ። ዓመቱን ሙሉ ድንጋይ የሚወረውሩት ሳይቀሩ ግድግዳ ታከው ቆሙ፣ ኮራሊናም ከሣጥኑ ቀጥላ ከፊት ሄደች፣ ያለ ዊግ፣ በሽበቷ፣ ቀሚሷ በቢራ ረጥቦ። እኔ ደግፌያት ነበር።

መቃብሩ አፍ ላይ ስንደርስ ሰው ሁሉ ጠበቃት። ሙሾ አላወረደችም፣ ደረቷንም አልደቃችም፣ አልወደቀችም። ያ ሁሉ ግጥም፣ ያ ሁሉ ድምፅ የት ሄደ? አፏን ከፍታ ምንም አልወጣ ሲላት አየሁና ያለቀላት መሰለኝ። ከዚያ ቀስ ብላ ጎንበስ አለች፣ እጇን ሣጥኑ ላይ አሳረፈች፣ ቤት ውስጥ ለምሳ እንደምትጠራው በዚያች በተራ ድምፅዋ «ዳጎቤርቶ» አለችው። ደግማ «ዳጎቤርቶ» አለች። አንድም ሰው አልሳቀም።